ዋልያዎቹ «የሜዳቸውን» ጨዋታ በሰው ሀገር ለምን ተጫወቱ? የአፍሪካ ውድድሮች ማስተናገጃ የሚመረጥበት መንገድ

ኅዳር 2 ቀን 2014 ዓ.ም የኢትዮጵያ ብሔራዊ ቡድን በዓለም ዋንጫ ማጣሪያ ከጋና ጋር ተጫውቶ 1 ለ 1 ተለያየ። በመርሐ ግብሩ መሠረት ባለሜዳዋ ኢትዮጵያ ነበረች። ጨዋታው የተካሄደው ግን በባሕር ዳር ወይም በአዲስ አበባ ሳይኾን በደቡብ አፍሪካ ሶዌቶ በሚገኘው ኦርላንዶ ስታዲየም ነው። ከአንድ ወር ገደማ በፊት መስከረም 29 ቀን ዋልያዎቹ ደቡብ አፍሪካን ያስተናገዱት በባሕር ዳር ስታዲየም ነበር። በእነዚህ ሁለት ቀናት መካከል የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን፣ በምኅጻሩ ካፍ፣ የባሕር ዳር ስታዲየም የሚጠበቅበትን መስፈርት እስኪያሟላ ድረስ ዓለም አቀፍ ጨዋታ እንዳያስተናግድ ወሰነ።

ከዚያ ወዲህ በነበሩት ዓመታት ብሔራዊ ቡድኑ «የሜዳውን» ጨዋታ በማላዊ፣ በሞዛምቢክ፣ በሞሮኮ፣ በታንዛኒያ፣ በኮትዲቯር እና በዲሞክራቲክ ኮንጎ ሲያከናውን ቆይቷል። ብዙ ተመልካቾች «ከ50 ሺህ በላይ ሰው የሚይዝ ስታዲየም እያለን ለምን?» ብለው ይጠይቃሉ። ጥያቄው ተገቢ ነው። ምላሹን ለማግኘት ድንበር ተሻጋሪ የእግር ኳስ ውድድሮች የት እንደሚካሄዱ የሚወሰንበትን አሠራር ማወቅ ያስፈልጋል። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዘመናት በኢትዮጵያ አቆጣጠር ሲኾኑ የውድድሮቹ መጠሪያ ዓመት ግን በተለመደው የአውሮፓውያን አቆጣጠር ተቀምጧል።

ሁለት ዓይነት መስተንግዶ

ድንበር ተሻጋሪ ውድድር በሁለት መንገድ ይስተናገዳል። የመጀመሪያው የማጣሪያ ጨዋታ ነው። በዚህ ሥርዓት እያንዳንዱ ሀገር ከተጋጣሚው ጋር አንድ ጊዜ በሜዳው፣ አንድ ጊዜ ከሜዳው ውጭ ይጫወታል። ባለሜዳው ጨዋታውን የሚያካሂድበትን ስታዲየም ያሳውቃል፤ ስታዲየሙ ግን አስቀድሞ በካፍ ባለሙያዎች ተፈትሾ ፈቃድ ያገኘ መኾን አለበት። በሀገሪቱ ውስጥ ፈቃድ ያለው ስታዲየም ከሌለ ባለሜዳው በሌላ ሀገር ፈቃድ ያለው ሜዳ ይፈልጋል። ጨዋታው በመዝገብ ላይ የእርሱ የሜዳ ጨዋታ ተብሎ ይቀጥላል፤ ሜዳው ግን የሰው ነው።

ሁለተኛው የማጠቃለያ ውድድር ነው። የአፍሪካ ዋንጫ፣ በሀገር ውስጥ ሊግ የሚጫወቱ ተጫዋቾች ብቻ የሚሳተፉበት የአፍሪካ ሀገራት ሻምፒዮና (ቻን) እና የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካ የሴካፋ ዋንጫ በዚህ ዓይነት ይካሄዳሉ። ሁሉም ቡድኖች በተወሰነ ጊዜ ወደ አንድ ሀገር ወይም ጥምረት ወደ ፈጠሩ ሀገራት ይሄዳሉ። አስተናጋጅ መኾን የሚፈልግ ሀገር ጥያቄ ያቀርባል፤ መንግሥት የጸጥታ፣ የጉዞ ፈቃድና የመሠረተ ልማት ዋስትና ይሰጣል፤ የፍተሻ ቡድን ይላካል፤ በመጨረሻም የካፍ ሥራ አስፈጻሚ ኮሚቴ ይወስናል።

ኢትዮጵያ ሦስት ጊዜ አስተናግዳለች

ኢትዮጵያ ለዚህ ነገር እንግዳ አይደለችም። የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ በ1949 ዓ.ም በካርቱም ሲካሄድ የተጫወቱት ግብጽ፣ ሱዳን እና ኢትዮጵያ ብቻ ነበሩ። ደቡብ አፍሪካ በዘር ልዩነት ፖሊሲዋ ምክንያት ከውድድሩ ውጭ ኾናለች። ካርቱም የተመረጠችው ካፍ ራሱ የተመሠረተው በዚያው ዓመት በዚያችው ከተማ በመኾኑ ነበር።

በጥር 1954 ዓ.ም ውድድሩ ወደ አዲስ አበባ መጣ። አራት ቡድኖች ተሳተፉ፤ ኢትዮጵያም በፍጻሜው ግብጽን በተጨማሪ ሰዓት 4 ለ 2 አሸንፋ ዋንጫውን አነሣች። ያ እስከ ዛሬ ብቸኛው የአፍሪካ ዋንጫ ድላችን ነው። በ1960 ዓ.ም አዲስ አበባና አሥመራ፣ በ1968 ዓ.ም ደግሞ አዲስ አበባና ድሬዳዋ ዳግመኛና ለሦስተኛ ጊዜ ውድድሩን አስተናግደዋል።

በዚያ ዘመን አንድ ወይም ሁለት ስታዲየም ይበቃ ነበር። ዛሬ ግን የተሳታፊዎቹ ቁጥር ከ2019 የአፍሪካ ዋንጫ ጀምሮ 24 ደርሷል፤ ጨዋታዎቹም 52 ናቸው። ይህን ሁሉ ጨዋታ ለማስተናገድ ቢያንስ ስድስት ስታዲየም ያስፈልጋል። ኮትዲቯር በ2016 ዓ.ም አጋማሽ የተጠናቀቀውን ውድድር ያካሄደችው በአምስት ከተሞች በሚገኙ ስድስት ስታዲየሞች ነው። ሞሮኮ ደግሞ ለ2025ቱ ውድድር በስድስት ከተሞች ዘጠኝ ስታዲየሞችን አቅርባለች። እንግዲህ በ1954 ዓ.ም በአንድ ከተማ ይጠናቀቅ የነበረው ውድድር ዛሬ የአንድን ሀገር ብዙ ከተሞች የሚያዳርስ ኾኗል።

ሀገራት በጥምረት የሚያስተናግዱትም በዚሁ ምክንያት ነው። የ2012ቱን ጋቦንና ኢኳቶሪያል ጊኒ በጋራ አስተናግደዋል። የ2027ቱን የአፍሪካ ዋንጫ ኬንያ፣ ታንዛኒያ እና ዩጋንዳ በጋራ እንዲያስተናግዱ በመስከረም 2016 ዓ.ም ተመርጠዋል። ሦስቱ ሀገራት ስታዲየሞችን፣ ሆቴሎችንና ወጪን ይካፈላሉ፤ ሸክሙ አንዱን ሀገር ብቻ እንዳይጫን ይረዳል።

የተሰጠ መስተንግዶ ለምን ይነሣል?

አስተናጋጅነትን ማግኘት አንድ ነገር ነው፤ እስከ መክፈቻው ቀን ይዞ መቆየት ሌላ ነው። ባለፉት ዓመታት መስተንግዶው ከአንድ ሀገር ወደ ሌላው የተዛወረባቸው ምክንያቶች በአራት ይጠቃለላሉ።

የመጀመሪያው ጸጥታ ነው። የ2013ቱን የአፍሪካ ዋንጫ እንድታስተናግድ የተመረጠችው ሊቢያ ነበረች፤ በሀገሪቱ በተነሣው ጦርነት ምክንያት ውድድሩ ወደ ደቡብ አፍሪካ ተዛወረ። ኢትዮጵያ ከ31 ዓመታት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ የተመለሰችው በዚሁ ውድድር ነው። ጦርነት የማጣሪያ ጨዋታንም ያሰድዳል። ጎረቤታችን ሱዳን በሚያዝያ 2015 ዓ.ም ጦርነት ከተነሣባት ወዲህ ብሔራዊ ቡድኗ በሜዳው መጫወት አልቻለም፤ ታላላቆቹ ክለቦቿ አል ሂላልና አል መሪክም በሞሪታኒያ ሊግ እስከመጫወት ደርሰዋል።

ሁለተኛው ጤና ነው። በምዕራብ አፍሪካ የኢቦላ ወረርሽኝ በተስፋፋበት ወቅት የ2015 አስተናጋጅ የነበረችው ሞሮኮ ውድድሩ እንዲራዘም ጠየቀች። ካፍ አልተቀበለም፤ ውድድሩን ለኢኳቶሪያል ጊኒ ሰጠ። ያን ጊዜ እስከ መክፈቻው የቀረው ጊዜ ሁለት ወር ገደማ ብቻ ነበር። ኢኳቶሪያል ጊኒ ይህን ያህል በአጭር ጊዜ መቀበል የቻለችው ከሦስት ዓመት በፊት ባስተናገደችው ውድድር የተገነቡ ስታዲየሞች ስለነበሯት ነው።

ሦስተኛው የግንባታ መዘግየት ነው። የ2019ኙ የአፍሪካ ዋንጫ ከካሜሩን ተነሥቶ ለግብጽ የተሰጠው፣ የ2025ቱም ከጊኒ ተነሥቶ ለሞሮኮ የተሰጠው በዋናነት ዝግጅቱ በሚፈለገው ፍጥነት ባለመሄዱ ነው። ይህ ዕጣ እኛንም ደርሶናል። የ2020 የቻን ውድድር አስተናጋጅ ኾና የተመረጠችው ኢትዮጵያ ነበረች፤ ዝግጅቱ ባለመድረሱ ውድድሩ ወደ ካሜሩን ሄዷል። ካሜሩን ግን የተነጠቀችውን የአፍሪካ ዋንጫ ኋላ ላይ በ2014 ዓ.ም አስተናግዳለች። መስተንግዶ ማጣት የመጨረሻ ፍርድ እንዳልኾነ ከዚህ እንረዳለን።

አራተኛው የአየር ንብረት ነው። ይህ ጊዜውን እንጂ ቦታውን ብዙም አይለውጥም። የኮትዲቯሩ ውድድር 2023 የሚል መጠሪያ ይዞ በ2016 ዓ.ም ጥር ወር የተካሄደው በዚያ ሀገር የሰኔና የሐምሌ ዝናብ ከባድ በመኾኑ ነው። የክረምቱን ባሕርይ ለሚያውቅ የሀገራችን አርሶ አደር ይህ ማብራሪያ አያስፈልገውም።

ፈታሹ ምን ያያል?

የስታዲየም ፍተሻ ሲነሣ ብዙ ሰው የሚያስበው የመቀመጫውን ብዛት ነው። በእርግጥ የመያዝ አቅም አንዱ መስፈርት ነው፤ ነገር ግን ከብዙዎቹ አንዱ ብቻ ነው። ፈታሹ ወደ ሜዳ ሲገባ በመጀመሪያ የሚመለከተው ሣሩን ነው። ዓለም አቀፍ ጨዋታ በተለምዶ የሚካሄድበት ሜዳ 105 ሜትር ርዝመትና 68 ሜትር ስፋት አለው። ሣሩ እኩል የበቀለ፣ መሬቱ የተስተካከለ፣ ውኃ የማይቋጥር መኾን ይኖርበታል።

የመጨረሻው ነጥብ ለአርሶ አደር ግልጽ ነው። በመረሬ አፈር ላይ የሚያርስ ሰው ክረምት ሲገባ ውኃው ማሳው ላይ እንዳይተኛ ቦይ ያወጣል፤ ካልኾነ ሰብሉ ይሻግታል። የእግር ኳስ ሜዳም እንዲሁ ነው። ደረጃውን የጠበቀ ሜዳ ከሥሩ የውኃ መውረጃ ቱቦ፣ ከላዩ ጠጠር፣ ከዚያ በላይ ደግሞ በአብዛኛው አሸዋማ የኾነ አፈር ይነጠፍለታል፤ ሣሩ የሚበቅለው በዚህ ላይ ነው። ከሥር ያለው ሥራ ካልተሠራ ከላይ ያለው ሣር ምንም ያህል ቢያምር አንድ ኃይለኛ ዝናብ ጨዋታውን ያቋርጠዋል። ሣሩም በበጋ ውኃ ይፈልጋል፤ ይታጨዳል፤ ይታረማል። ባለሙያ ያልተመደበለት ሜዳ በአንድ ዓመት ውስጥ ይበላሻል።

ከሜዳው ቀጥሎ የሚታየው ከመቀመጫው ሥር ያለው ክፍል ነው። ለሁለቱ ቡድኖችና ለዳኞች የሚኾን፣ የመታጠቢያና የመጸዳጃ አገልግሎቱ የተሟላ መልበሻ ክፍል ያስፈልጋል። የሕክምና ክፍል፣ የአበረታች ንጥረ ነገር ምርመራ የሚደረግበት ክፍል፣ የጋዜጠኞች መሥሪያና የጋዜጣዊ መግለጫ አዳራሽ ሊኖሩ ይገባል። የምሽት ጨዋታ በቴሌቪዥን እንዲተላለፍ በቂ ብርሃን የሚሰጥ ፓውዛ፣ መብራት ሲቋረጥ ወዲያው የሚነሣ ጄኔሬተር ይጠየቃል። ተመልካቹ የሚቀመጠው በቁጥር በተለየ ወንበር ላይ ነው፤ መግቢያና መውጫ በሮቹ አደጋ ቢፈጠር ሕዝቡን በፍጥነት የሚያስወጡ መኾን አለባቸው። የደኅንነት ካሜራና ሁሉንም ከአንድ ቦታ የሚቆጣጠር ክፍልም ይታያል።

በመጨረሻም ፈታሹ ከስታዲየሙ ውጭ ይወጣል። አውሮፕላን ማረፊያው ምን ያህል ይርቃል? ለሁለት ቡድኖችና ለዳኞች የተለያዩ በቂ ሆቴሎች አሉ? ከባድ ጉዳት የደረሰበት ተጫዋች የሚወሰድበት ሆስፒታል የት ነው? ቡድኖቹ የሚለማመዱበት ሌላ ሜዳ አለ? እነዚህ ጥያቄዎች ከስታዲየሙ አልፈው የከተማዋን አጠቃላይ አቅም ይለካሉ።

ባሕር ዳር ይህን ፈተና በከፊል የምታልፍ ከተማ ናት። አውሮፕላን ማረፊያ፣ ሆቴሎችና ትልልቅ ሆስፒታሎች አሏት። በ2008 ዓ.ም ኢትዮጵያ ባስተናገደችው የሴካፋ ዋንጫ ከአዲስ አበባና ከሐዋሳ ጋር አስተናጋጅ ነበረች። በኅዳር 2012 ዓ.ም ዋልያዎቹ ኮትዲቯርን 2 ለ 1፣ በመጋቢት 2013 ዓ.ም ደግሞ ማዳጋስካርን 4 ለ 0 ያሸነፉት በዚሁ ስታዲየም ነው። ከ23 ዓመት በታች የሴካፋ ውድድርም በሐምሌ 2013 ዓ.ም በባሕር ዳር ተካሂዷል። እንግዲህ ጉድለቱ የእንግዳ አቀባበል ወይም የተመልካች ፍቅር አልነበረም። ካፍ ደረጃውን ባጠበቀበት ወቅት ግንባታው ሳይጠናቀቅ አገልግሎት መስጠት የጀመረው ስታዲየም ወደ ኋላ ቀረ።

የስደት ሜዳ እንዴት ይመረጣል?

በሀገሩ ሜዳ ያላገኘ ቡድን በሰው ሀገር ሲጫወት ምርጫው በዘፈቀደ የሚደረግ ይመስላል። የዋልያዎቹን ጉዞ በቅደም ተከተል የተመለከተ ሰው ግን ግልጽ የኾነ ምክንያት ያገኛል።

ብሔራዊ ቡድኖች በአንድ የጨዋታ ወቅት ብዙውን ጊዜ በጥቂት ቀናት ልዩነት ሁለት ጨዋታ ያደርጋሉ። ስለዚህ አንደኛውን ጨዋታ ከሜዳው ውጭ የሚጫወት ቡድን ሁለተኛውን «የሜዳ» ጨዋታ በዚያው ሀገር ቢያደርግ የጉዞ ወጪና ድካም ይቀንስለታል። በግንቦት 2014 ዓ.ም መጨረሻ ኢትዮጵያ በሊሎንግዌ ከማላዊ ጋር ተጫወተች፤ ከቀናት በኋላ በዚያው ቢንጉ ስታዲየም ግብጽን «አስተናግዳ» 2 ለ 0 አሸነፈች። በነሐሴ መጨረሻና በጳጉሜን 2016 ዓ.ም በዳሬሰላም ከታንዛኒያ ጋር ከተጫወተች በኋላ ዲሞክራቲክ ኮንጎን ያስተናገደችው በዚያችው ከተማ ነበር። በኅዳር 2017 ዓ.ም ደግሞ በኪንሻሳ ታንዛኒያን «በሜዳዋ» ገጥማ 2 ለ 0 ተሸነፈች፤ ከሦስት ቀን በኋላ በዚያው ከተማ ባለሜዳዋን ዲሞክራቲክ ኮንጎን 2 ለ 1 ረታች።

ሁለተኛው ምክንያት ተጋጣሚውም ሜዳ የሌለው ሲኾን ይታያል። ጊኒም እንደ ኢትዮጵያ በሀገሯ መጫወት ባልቻለችበት ጊዜ ሁለቱ ቡድኖች የደርሶ መልስ ጨዋታቸውን በመጋቢት 2015 ዓ.ም በሞሮኮ፣ በጥቅምት 2017 ዓ.ም ደግሞ በአቢጃን አድርገዋል። ሞሮኮ በዚህ ዝርዝር ውስጥ ደጋግማ የምትገኘው ፈቃድ ያላቸው በርካታ ስታዲየሞች ስላሏት፣ የአየር ጉዞ ግንኙነቷም ሰፊ ስለኾነ ነው። በመጋቢት 2017 ዓ.ም ኢትዮጵያ ግብጽን በካዛብላንካ፣ ጅቡቲን በኤል ጃዲዳ ገጥማለች። የምሥራቅ አፍሪካ ጎረቤታሞች ለመጫወት እስከ አትላንቲክ ዳርቻ መጓዛቸው የችግሩን ስፋት ያሳያል።

የቀረብን ምንድን ነው?

ሜዳ ማጣት መጀመሪያ የሚታየው በውጤት ላይ ነው። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ 2 ሺህ 300 ሜትር ገደማ፣ ባሕር ዳር 1 ሺህ 800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ይገኛሉ። በዝቅተኛና በሞቃት ስፍራ የለመደ ተጫዋች በዚህ ከፍታ ሲሮጥ ቶሎ ይደክማል። የእኛ ተጫዋቾች ደግሞ ለምደውታል። በዳሬሰላም ወይም በአቢጃን የባሕር ዳርቻ ሲጫወቱ ይህ ብልጫ ይቀራል፤ እንዲያውም ሙቀቱና ወበቁ በእነርሱ ላይ ይኾናል። የደጋፊው ድምፅም ይቀራል።

ቀጥሎ የሚመጣው ገንዘብ ነው። በሀገር ውስጥ በሚደረግ ጨዋታ ከትኬት የሚገኘው ገቢ፣ የሆቴሎች፣ የምግብ ቤቶች፣ የባጃጅ አሽከርካሪዎችና የቡና ጠጪዎች ገበያ ሁሉ በከተማዋ ይቀራል። ከጣና ዓሣ የሚያመጣው አጥማጅና ለምግብ ቤቶች አትክልት የሚያቀርበው የዙሪያው ገበሬም ከዚያ ይጠቀማሉ። ጨዋታው በውጭ ሲኾን ግን ወጪው በውጭ ምንዛሪ ይከፈላል፤ ገበያውም ለሌላ ከተማ ይኾናል።

በቁጥር የማይለካም አለ። በ2012 ዓ.ም የኮትዲቯርን ጨዋታ አባቱ ትከሻ ላይ ኾኖ ያየ ሕፃን ዛሬ ጎረምሳ ነው። ከእርሱ በኋላ የተወለዱት ዋልያዎቹን የሚያውቋቸው በስልክ ወይም በቴሌቪዥን መስኮት ብቻ ነው።

ከጎረቤት የሚገኝ ትምህርት

ከችግሩ መውጫ መንገድ እንዳለ ኬንያ ታሳየናለች። በሰኔ 2016 ዓ.ም የኬንያ ብሔራዊ ቡድን ስታዲየሞቹ በእድሳት ላይ በመኾናቸው ኮትዲቯርን ያስተናገደው እኛ በተጠቀምንበት በሊሎንግዌው ሜዳ ነበር። ከዚያ በኋላም ዚምባብዌን በካምፓላ ገጥሟል። ከአንድ ዓመት ጥቂት በኋላ በነሐሴ 2017 ዓ.ም የቻን ውድድር ፍጻሜ ጨዋታ የተካሄደው በናይሮቢው ካሳራኒ ስታዲየም ነው። ሞሮኮ ማዳጋስካርን 3 ለ 2 ያሸነፈችበት ጨዋታ ነበር። ኬንያ ይህን ውድድር ከታንዛኒያና ከዩጋንዳ ጋር ስታስተናግድ መንገዱ ቀላል አልነበረም፤ ውድድሩ ከክረምቱ በፊት በየካቲት እንዲካሄድ ታቅዶ ሜዳዎቹ ባለመድረሳቸው ወደ ሐምሌ መጨረሻ ተራዝሟል።

ከዚሁ ውድድር ለተመልካቹም የሚኾን ትምህርት አለ። በካሳራኒ ትኬት ያልያዙ ሰዎች በር ጥሰው በመግባታቸውና የጸጥታ ጉድለት በመታየቱ ካፍ በኬንያ ላይ የገንዘብ ቅጣት ጥሏል፤ የሚሸጠው የትኬት ቁጥርም እንዲቀነስ አድርጓል። መስተንግዶን የሚያስከብረው ግንበኛው ብቻ ሳይኾን በሥርዓት የሚገባውና በሥርዓት የሚወጣው ሕዝብም ነው።

በአጠቃላይ ማስተናገጃ የሚመረጠው ሀገር ስለተወደደች ወይም ስታዲየሟ ትልቅ ስለኾነ አይደለም። ሰላም ያላት፣ ሥራዋን በጊዜው የጨረሰች፣ የሠራችውንም ተንከባክባ የያዘች ሀገር ትመረጣለች። ኢኳቶሪያል ጊኒና ግብጽ የሌላው ሀገር ዕድል የደረሳቸው ዝግጁ ኾነው ስለተገኙ ነው። የባሕር ዳር ስታዲየምም ኾነ በየክልሉ የተጀመሩ ሌሎች ስታዲየሞች በዚሁ ሚዛን ይለካሉ። የተጀመረው ግንባታ ሲጠናቀቅ ሥራው አያበቃም፤ ማሳ በየዓመቱ እንደሚታረስና እንደሚታረም ሁሉ ሜዳም በየወቅቱ ባለሙያ፣ ውኃና በጀት ይፈልጋል። ያ ሲሟላ «የሜዳችን ጨዋታ» የሚለው ቃል ትርጉሙን መልሶ ያገኛል።